ወንድም የሌለው ከሳሽ

ይድረስ ለምሳሳላት ታላቅ እህቴ፣ ለእታለሜ፤

እንደምን አለሽልኝ? ያ የማይለቅሽ ጉንፋን ተወሽ ወይስ አሁንም እያስነጠሰሽ ነው? ወገብሽስ? ቀኑን ሙሉ ቆመሽ የምትውይበት ሥራ አሁንም እግርሽን ያሳብጠዋል? ባለቤትሽ ሰላም ነው? ልጆቹ ደህና ናቸው? ትልቋ የፊት ጥርሷ ወለቀ ብለሽን ነበር፤ አዲሱ ብቅ አለላት? ትንሹስ ዛሬም አልበላም እያለ ነው የሚያስለምንሽ? እኛ በአካል ሁላችንም ደህና ነን፤ ፈጣሪ ይመስገን። እማማ ጉልበቷን ትንሽ ያማታል እንጂ ምላሷ እንደ ድሮው ነው። ዝምተኛው ወንድማችንም ደህና ነው፤ ደህና መሆኑን የነገረችኝ ግን ሚስቱ ናት። በአካል ማለቴን ልብ በይልኝ፤ ልባችን ከደነገጠበት ገና አልተመለሰም።

በስልክ ልነግርሽ ሞክሬ ነበር። እማማ አጠገቤ ስትሆን አፌ ይያዛል፤ ብቻዬን ስሆን ደግሞ ንዴቴ ከኔ ይቀድማል። ስለዚህ ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ እንዲሉ፣ ቁጭ ብዬ ልጻፍላት አልኩ። አንቺም ወንበር ሳቢና ተቀመጪ፤ ቆመው የሚያነቡት አይደለም።

አጎታችን ግድግዳ ሠራብን። ይህን ስጽፈው እንኳ እጄ አያምነውም። አንድ ማለዳ የሥራ ቤቱን የኋላ በር ከፍቼ ስወጣ፣ የጣውላው መኪና በሚገባበት መተላለፊያ ላይ አንድ ግንበኛ ክር ወጥሮ ብሎኬት ይደረድራል። ማን አዘዘህ ብለው ባለ ግቢው አለኝ። ባለ ግቢው እንግዲህ የእማማ ታናሽ ወንድም፣ አንቺን በትከሻው ተሸክሞ ትምህርት ቤት ያመላልስሽ የነበረው፣ ለኔም የመጀመሪያዋን መዶሻ የገዛልኝ ሰው ነው። ሮጬ ሄጄ በሩን አንኳኳሁ። ከውስጥ ሆኖ ሥራ ይዣለሁ አለኝ። ጡረታ ከወጣ ዘመኑ፣ ምን ሥራ ይኖረዋል? ሲመሻሽ ግድግዳው ከደረቴ በላይ ሆነ፤ በማግስቱ ከራሴ በላይ። እኔ እዚያው ክው እንዳልኩ ነበርኩ።

የፊት በራችንን ታውቂዋለሽ። ደረጃውን ወርዶ የሚታጠፈው መተላለፊያ፣ ወንበር እንኳ በጎኑ ካልተዞረ አያሳልፍም። ረጅም ጣውላ በዚያ አይገባም፣ የተገጠመ በር በዚያ አይወጣም። የእንጨት ሥራ ማኅበራችንን ስናቋቁም አጎታችን በግቢው በኩል እንድናልፍ ውል የፈረመልን ለዚሁ ነበር። አሁን አንድ ክሊኒክ ያዘዘን በሮች አልቀው፣ ቫርኒሻቸው ደርቆ፣ ቤት ውስጥ ተደግፈው ቆመዋል። አዲስ እንጨትም አይመጣም። ሁለቱ አናጺዎች በየጠዋቱ እየመጡ መጋዝ ሲስሉ ይውላሉ፤ ስለው ሲጨርሱ መልሰው ይስሉታል። መንገዱ በቶሎ ካልተከፈተ ሥራ ቤቱ መዘጋቱ ነው፤ የኔም፣ የወንድማችንም፣ የእማማም ቤት የሚተነፍሰው በዚያ ነው።

ሰው ልከንበት ነበር፤ ወሬ ቀየረበት። እማማ ራሷ ሄደች፤ ስትመለስ ምን አለሽ ብንላት ሻይ አጠጣኝ አለች። ሌላስ ብንላት ስኳር አበዛብኝ አለች። ከዚያ በኋላ ትዕግሥቴ አለቀ። መቼም ታውቂኛለሽ፤ ነገር ከሆዴ አያድርም። ለማንም ሳልናገር፣ ለእማማም ሳልነግር፣ በራሴ ስም ከሰስኩት።

የችሎቱ ክፍል ጠባብ ነው። ወንበሮቹን የሠራው ሰው ይቅር ይበለው እንጂ፣ መጋጠሚያቸው ሁሉ አፉን ከፍቷል፤ አንድ ሰው በተቀመጠ ቁጥር ረድፉ በሙሉ ይንጫጫል። ዳኛው ክሴን አንብበው መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቀሉና የተዘጋው መንገድ የማን ነው አሉኝ። የኔ ነው አልኩ። ውሉ ከማን ጋር ነው የተፈረመው አሉኝ። ከኛ ጋር አልኩ። እናንተ እነማን ናችሁ አሉኝ። ማኅበራችን ነዋ አልኩ። ታዲያ ማኅበሩ የት አለ አሉኝ። ሞኝ አትበይኝና ዞር ብዬ ከኋላዬ አየሁ። ከዚያ፣ ማኅበሩማ እኔ ነኝ፣ እንጨቱን የምቆርጠው እኔ፣ ማሽኑ ሲበላሽ ከሥሩ የምተኛው እኔ አልኳቸው።

እሳቸው አልተቆጡም። ቀስ ብለው፣ ለልጅ እንደሚያስረዱ አስረዱኝ። ማኅበር ከተመዘገበ በኋላ በሕግ ፊት ራሱን የቻለ ሰው ነው፤ የራሱ ስም፣ የራሱ ንብረት፣ የራሱ ውል አለው፤ በስሙ ይከስሳል፣ በስሙ ይከሰሳል። አንተ በውስጡ ድርሻ አለህ እንጂ አንተ እሱ አይደለህም፤ ተበደልኩ ማለት ያለበት እሱ ስለሆነ በዚህ ጉዳይ አንተ የመክሰስ መብት የለህም አሉና መዝገቡን ዘጉት። ስም ጠሪዋ ወዲያው ሌላ ባለ ጉዳይ ጠራች። እኔ ግን የምሄድበት ጠፍቶኝ ቆሜ ቀረሁ፤ ፖሊሱ ነው በክንዴ ይዞ ያስወጣኝ።

እታለሜ፣ መንገድ ላይ ስሄድ ከራሴ ጋር ነበር የማወራው። ማሽኑ የኔ አይደለም። መጋዙ የኔ አይደለም። ማታ ማታ ከጸጉሬ የማራግፈው ሰጋቱራ እንኳ የሌላ ሰው ንብረት ነው። ያ ሰው ደግሞ እግር የለው፣ አፍ የለው፣ ቁርስ አይበላ። ላም አለኝ በሰማይ ማለት ይሄ ነው። ቤት ገብቼ ለባለቤቴ ብነግራት፣ ታዲያ ሰውዬው ራሱን ከቻለ ለምን በየሌሊቱ አንተን እንቅልፍ ይነሳሃል አለችኝ። 

ጠበቃ ያዝን። ወጣት ናት፤ እስክሪብቶዋን ጸጉሯ ውስጥ ትሰካውና መልሳ ጠረጴዛ ለጠረጴዛ ትፈልገዋለች፤ ሥራዋን ግን ታውቃለች። ክሱን በማኅበሩ ስም አድርጋ ጻፈችው፣ እኔም ፈረምኩ። በቀጠሮው ቀን ሁላችንም ሄድን፤ እኔ፣ ባለቤቴ፣ ወንድማችንና ሚስቱ፣ ሁለቱ አናጺዎች ጭምር። ከእማማ በቀር ማለቴ ነው፤ እሷ እስከዚያ ቀን ድረስ አልሰማችም። ስም ጠሪዋ ማኅበሩን በስሙ ጠርታ ከሳሽ ስትል ሁላችንም በአንድ ጊዜ ብድግ አልን። ወንበሩ የጮኸውን ጩኸት ብትሰሚው! ዳኛው ከሳሹ አንድ ነው፣ ሌሎቻችሁ ተቀመጡ አሉ። ማን ይቀመጥ? እርስ በርስ ተያየን። የሚገርምሽ፣ አጎታችንም ከተከሳሽ ወንበር ላይ ብድግ ማለት ጀምሮ ነበር፤ ጠበቃው ነው ክንዱን ይዞ ያስቀመጠው። እኔ ያኔ እርጅና ነው ብዬ አለፍኩት።

የአጎታችን ጠበቃ ተነስቶ መቃወሚያ አለኝ አለ። ማኅበር አፍ የለውም፣ የሚናገረው በሥራ አስኪያጁ ነው፤ ይህን ክስ የፈረመው ሰው ግን ሥራ አስኪያጁ አይደለም፣ ውክልናም የለውም፤ ስለዚህ ክሱ እንዳልቀረበ ይቆጠርልን አለ። ዳኛው ሥራ አስኪያጃችሁ ማን ነው ብለው ጠየቁኝ። እናታችን ናት አልኩ። ችሎቱ በሙሉ ሳቀ። እኔን ላብ አሰመጠኝ።

መቼም አልረሳሽውም። ማኅበሩን ልናስመዘግብ የሄድን ጊዜ ሠራተኛው ሥራ አስኪያጁ ማን ይሁን ሲለን፣ በአንድ አፍ እማማ አልን። እሷ እያለች ማን ይቀድማል? አንቺም በስልክ ሆነሽ ይሄ ምን ጥያቄ አለው ብለሻል፤ እንዳትክጂኝ። ሠራተኛው ኧረ ይሄ የክብር ወንበር አይደለም፣ የሚፈርመውም የሚከሰውም እሱ ነው ብሎ ቢለምነን፣ ስድ ነው፣ እናት አያውቅም ብለን ተቀየምነው። እማማም ሹመቷን ተቀብላ ወደ ቤቷ ገባች። ከዚያ ወዲህ ሥራ ቤቱን የምትረግጠው እኛን ምሳ ልትጠራ ብቻ ነው።

ጠበቃችን ሁለት መንገድ አለ አለች፤ ወይ እናታችሁ ራሳቸው ክሱን የኔ ነው ይበሉ፣ ወይ ባለ ድርሻዎቹ ተሰብስባችሁ ሌላ ሥራ አስኪያጅ ሹሙ። ሌላ መሾም ማለት እማማን ማውረድ ማለት እንደሆነ ስትነግረን፣ ዝምተኛው ወንድማችን ለመጀመሪያ ጊዜ አፉን ከፈተና እናት ትሻራለች እንዴ አላት። ልጅቷ እስክሪብቶዋን መፈለግ ጀመረች።

ለእማማ የግድ ተነገራት። አላለቀሰችም፣ አልተቆጣችም። ወላጆቻቸው ሲሞቱባቸው አጎታችን ገና ዳዴ ይል እንደነበር፣ እሷም ራሷ ልጅ ሆና በጀርባዋ አዝላ እንዳሳደገችው አንቺ ከኔ ይበልጥ ታውቂዋለሽ። እሱን ባዘልኩበት ጀርባ ችሎት አልቆምበትም፣ አለች። እኔም አፌ አያርፍ፣ ታዲያ ሥራ ቤቱ ይዘጋ ወይ አልኳት። ይዘጋ አለችኝ። ልጆቼ ምን ይብሉ አልኳት። እኔ የበላሁትን አለችኝ። በሩን በኃይል ወርውሬው ወጣሁ። በሩን የሠራሁት ራሴ ስለሆንኩ ምንም አልሆነ፤ እሱም አናደደኝ።

ጠበቃዋ ግን ተስፋ አልቆረጠችም፤ አንድ ከሰዓት በኋላ እቤት ድረስ መጣች። ስለ ሕጉ ልታስረዳ ስትጀምር እማማ አቋረጠቻትና የራሷን ጥያቄ ጠየቀቻት። ልጄ፣ ይሄ ማኅበር የምትዪው ሰው እናት አለው ወይ አለቻት። የለውም እማማ አለች። ወንድምስ? የለውም። ቢሞት ማን ያለቅስለታል? አይሞትም እማማ፣ ይፈርሳል፤ ሲፈርስ ሒሳብ አጣሪ ይሾምለታል። እማማ ይህን ስትሰማ ፊቷ ቅይር አለ። ምስኪን፣ ብቻውን ነው ማለት ነው፣ አለች። ከዚያም ቀጠሮው መቼ ነው አለቻት።

የቀጠሮው ቀን ጠዋት ለብሳ፣ ጫማዋን አስራ፣ በር ላይ ቆማ አገኘኋት።  እኔም ምን ልትል እንደሆነ ፈርቼ አልጠየቅኋትም። ማኅበሩ ሲጠራ በዚህ ጊዜ ሁላችንም በየወንበራችን ተጣብቀን እሷ ብቻ ተነሳች። ዳኛው እርስዎ ማን ነዎት አሏት። ለዛሬ ማኅበሩ ነኝ አለች። የአጎታችን ጠበቃ ፈጥኖ ተነሳና እኚህ ሴት የተከሳሹ ታላቅ እህት ናቸው፣ ወንድሜን አልከስም ብለውም ተናግረዋል አለ። ማን እንደነገረው አላውቅም። እኔ አበቃልን ብዬ ራሴን በሁለት እጄ ያዝኩ።

እማማ ወደ ጠበቃው ዞር አላለችም። ወደ አጎታችን ዞረች። እኔ አልከሰስኩህም፣ አለችው፤ እኔ እህትህ ነኝ፣ ዛሬም ነገም አልከስህም። ከሳሽህ ማኅበሩ ነው። እሱ እናት የለው፣ ወንድም የለው፤ አፍም ስለሌለው በኔ አፍ ነው የሚናገረው። መንገዴን ተዘጋሁ፣ በውላችን መሠረት ይከፈትልኝ ይላል። ከዚያ ወደ ዳኛው ተመለሰችና ጨርሷል አለቻቸው። ጨርሻለሁ አላለችም፤ ጨርሷል ነው ያለችው።

እታለሜ፣ ስንቱን ጉድ አየሁ እላለሁ እንጂ እንዲህ ያለ አይቼ አላውቅም። ያቺ ምሳ ቀረበ ስትል እንጂ ሌላ ትእዛዝ ስትሰጥ ሰምተናት የማናውቃት እናታችን ናት።  ዳኛው መነጽራቸውን አወለቁ፣ ጠረጉ፣ መልሰው አደረጉ። መቃወሚያው ውድቅ ነው፣ ክሱ ይቀጥላል፣ ተከሳሽ መልሱን ይዞ ይቅረብ ብለው ለሚመጣው ወር ቀጠሩን። ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። አጎታችን ግን መሬት መሬቱን ሲያይ አየሁት።

ስንወጣ ደግሞ ሌላ ድንጋጤ። ዝናብ ጥሎ ደረጃው እርጥብ ነበር። እማማ እኛን ትታ ወደ እሱ ሄደችና ክንዱን ያዘችው። ቀስ በል ያንሸራትታል አለችው። ከሳሽና ተከሳሽ ተደጋግፈው፣ አንድ አንድ ደረጃ እየረገጡ ወረዱ። ሁለቱ ጠበቆች ከላይ ቆመው ያያሉ፤ የኛዋ እስክሪብቶዋን አፏ ውስጥ ረስታዋለች።

እሁድ እማማ እንደ ድሮው አጎታችንን ለምሳ አስጠራችው። ግድግዳውን ከሠራ ወዲህ ደጃችንን ረግጦ አያውቅምና ይመጣል ብዬ አልጠበቅሁም። መጣ። በሩ ላይ ቆሞ የከሳሼ ቤት ገብቼ ልብላ ወይ አለ። እማማ፣ ማኅበሩ እዚህ አይኖርም፣ ግባ፣ ወጡ እንዳይቀዘቅዝ አለችው። እኔ ልነሳና ልወጣ ነበር፤ እማማ አየችኝ፤ ተቀመጥኩ።  

በልቶ ሲጨርስ እጁን ታጠበና፣ ፎጣውን እንደያዘ መናገር ጀመረ። ማኅበሩን ያቋቋማችሁ ቀን እዚሁ፣ በዚሁ ወንበር ላይ ተቀምጬ ነበር፣ አለ። በግቢህ እንለፍ፣ ፈርምልን አላችሁኝ፣ ፈረምኩ። ድርሻችሁን ስትደለድሉ ባሕር ማዶ ላለችው እንኳ ደወላችሁ። ወደኔ ፊቱን ያዞረ አልነበረም። ገንዘብ ፈልጌ እንዳይመስላችሁ። አንተስ ብትሉኝ፣ ልጆቼ በርቱበት፣ እኔ ይቅርብኝ ነበር የምለው። ግን አላላችሁኝም። ያን ያህል ዓመት መኪናው በመስኮቴ ሥር ባለፈ ቁጥር አላላችሁኝም።

ከሁሉ ድንጋጤ ይሄ በለጠ። ዳኛው መብት የለህም ሲሉኝ የደነገጥኩት ለካ ድንጋጤ አልነበረም።  ወንድማችን ውኃ ቀድቶ ሰጠው። እማማ ሳህኖቹን ልታነሳ የተነሳች መስሎን ነበር። ፊቱ ሄዳ ቆመች። ይቅር በለኝ ወንድሜ፣ አለችው፤ እሷ ትልቋ፣ ያዘለችው፣ ያጎረሰችው። ይህን የምልህ እኔ ነኝ፤ ክሱ ግን የማኅበሩ ነው፣ እንዳለ ይቀጥላል። አጎታችን ፎጣውን ፊቱ ላይ አድርጎ አለቀሰ። እኔም አልቀረሁም፤ ለአናጺዎቹ እንዳትነግሪብኝ።

እንግዲህ ነገሩ እዚህ ላይ ነው። ክሱ አልተነሳም፤ ግድግዳውም አልፈረሰም። አጎታችን ፍርድ ቤቱ አፍርስ ካለኝ በገዛ እጄ አፈርሰዋለሁ፣ እስከዚያ ግን ፈርቶ አፈረሰ አልባልም ይላል። እማማ ትክክል ነው ትላለች። ሁለቱ እንዴት እንደሚግባቡ እኔ አይገባኝም፤ አንድ ጀርባ ላይ ያደጉ ናቸው። እሷ አሁን የምትለው በማኅበሩ ውስጥ ድርሻ ይሰጠው ነው። ጠበቃዋን ጠየቅናት፤ ሰው ራሱን ሊከስ ነው ወይ አልኳት። አይደለም፣ ማኅበሩ ሌላ ሰው ነው፣ አባል ቢሆንም ክሱ አይነካም አለች፤ የባለ ድርሻዎቹ ሁሉ ፈቃድ ግን ያስፈልጋል። እማማ እሺ ብላለች። ወንድማችን ራሱን ነቅንቋል። እኔም ጥርሴን ነክሼ እሺ ብያለሁ፤ መንገዱ ሳይከፈት እሺ ማለት እንዴት እንደሚመር አንቺ ታውቂዋለሽ። ያንቺ ቃል ብቻ ቀርቷል።

ግን ለኛ ከመመለስሽ በፊት አደራ፣ ለእሱ ደውዪለት። ስለ ክሱም ስለ ድርሻውም አታንሺበት። እንዴት ነህ፣ ያ የሚያምህ ዓይን ተሻለህ ወይ ብለሽ ጠይቂው። የሚቀረውን እሱ ይናገረው።

እማማ ዓይንሽን እየሳመች፣ በደንብ ብዪ፣ ብርድ አይምታሽ ብላለች። ዝምተኛው ወንድማችን ሰላም በልልኝ አለ፤ በዚህ ወር ከተናገራቸው ቃላት እኩሌታው ይሄ ነው። ሚስቱም ልጆቹም ይስሙሻል። ባለቤቴ ለላክሽላት ጫማ ምስጋናዋ ብዙ ነው፤ ልክ ሆኗታል። ልጆቼ ለልጆችሽ ሥዕል ሥለዋል፣ ከዚህ ጋር አብሮ አለ። ሁለቱ አናጺዎች እጅ ይነሳሉ። ለባለቤትሽና ለልጆችሽ የኔን ሰላምታ ስጪልኝ።

አጎታችንም ሰላም በልልኝ ብሎሻል። ደብዳቤ ልትጽፍላት እንደሆነ ሰማሁ ብሎ፣ ከወዲያ በኩል በርጩማ ላይ ቆሞ፣ በግድግዳው አናት ብቅ ብሎ ነው የነገረኝ።

ታናሽ ወንድምሽ

ከሥራ ቤቱ፣ ከኋላው በር አጠገብ
ኅዳር ፲፬ ቀን